አዳሪና ተመላላሽ ተማሪ በአንድ ትምህርት ቤት
(በጅቡቲ ከተማ ለመምህራንና ለትምህርት ሹማምንት የተደረገ ንግግር)



እንድናገርበት የተሰጠኝ ጉዳይ የልዩ ልዩ አገር ልጆች በአንድነት ስለሚማሩበት፥ ገሚሶቹ እዚያው እያደሩ ገሚሶቹም ከቤታቸው እየተመላለሱ ስለሚውሉበት ትምህርት ቤት ነው። ይህ ጉዳይ በጅቡቲ ከተማ መነሣቱ ተገቢ ይመስለኛል። በዚህች ከተማ ልጁ በቤቱ ሱማልኛ ወይም አፋርኛ ይናገራል፤ በትምህርት ቤት በፈረንሳይኛ ይማራል፤ ዐረብኛም የመንግሥትና የሃይማኖት ቋንቋ ስለ ሆነ ከጆሮው አይርቅም። የኢትዮጵያዊ ልጅ ከሆነ ደግሞ በዚህ ሁሉ ላይ አማርኛ ወይም ኦሮምኛ ይጨመርበታል። ስለዚህ የብዙ አገር ልጆች በአንድ ክፍል ተሰብስበው ማየት ለእናንተ እንግዳ ነገር አይደለም፤ በየገበያውና በወደቡም ዘወትር የምታዩት ነው።

እኔ ግን ዛሬ ስለ ክፍሉ ብዙ አልናገርም። እኛ በማሠልጠኛው ትምህርት ቤት ስለ ጥቁር ሰሌዳ አያያዝ፥ ስለ ጥያቄ አጠያየቅ፥ ስለ ደብተር እርማት ዓመቱን ሙሉ እናስተምራለን። የመጨረሻው ደወል ተደውሎ ተመላላሹ ደብተሩን ይዞ በበሩ ሲወጣ፥ አዳሪው ወዴት እንደሚሄድና ማን እንደሚቀበለው ግን ለሠልጣኞቻችን የምንነግርበት አንድ ክፍለ ጊዜ እንኳ የለንም። አዳሪ ያለበት ትምህርት ቤት ሲመሽ አይዘጋም፤ መምህሩ ግን ይሄዳል። ንግግሬ በዚህ በባዶው ሰዓት ላይ ያተኵራል። ዘመን ስጠራም እዚህ እንደ ተለመደው በአውሮፓውያን አቈጣጠር መሆኑን አስቀድሜ አስታውቃለሁ።

አዳሪነትን ከባሕር ማዶ የመጣ ልማድ አድርገው የሚቈጥሩ ብዙዎች ናቸው። እነዚህ ሰዎች የቆሎ ተማሪን ዘንግተውታል። ከሸዋ ወይም ከትግራይ ተነሥቶ ለቅኔ ወደ ጎጃም ዋሸራ፥ ለድጓ ወደ ጋይንት ቤተልሔም፥ ለዝማሬ መዋሥዕት ወደ ዙር አምባ የሚሄደው ልጅ፥ ደበሎውን ለብሶ አኩፋዳውን አንግቶ ከመምህሩ ደጅ አጠገብ በሣር ጎጆ ያድር ነበር፤ ዛሬም የሚያድር አለ። በወሎም ዳናን በመሰሉ የትምህርት ስፍራዎች ደረሳው ከሼኩ ዘንድ እያደረ ኪታብ ይቀራል። ከእነዚህ ጋር አብሮ የመንደሩ ልጅ ፊደሉን ቈጥሮ ማታ ወደ እናቱ ይመለሳል። እንግዲህ አዳሪና ተመላላሽ በአንድ መምህር ፊት መቀመጣቸው በአገራችን የቈየ ሥርዓት ነው።

ከዚህ ሥርዓት ውስጥ በተለይ የሚያስደንቀኝ የሌሊቱ አጠቃቀም ነው። ዓይን የሚሻው ንባብ በቀን ይነበባል፤ ብርሃን የማይሻው የቃል ትምህርት ግን በሌሊት ይጠናል። በትምህርት የገፋው ተማሪ ታናሹን በጨለማ ያስቀጽለዋል። መምህሩ ከቤታቸው ሆነው ድምፁን ይሰማሉ፤ አንዱ ቃል ከተሳሳተ ከዚያው ያርማሉ። ኑሮው የመከራ ኑሮ ነው፤ ረኃቡንና ቅማሉን፥ የመንደሩንም ውሻ አሳምሮ ማውራት አያስፈልግም። ይሁን እንጂ ሌሊቱ ባለቤት ነበረው።

አሁን ወደ ዘመናዊው ትምህርት ቤት እንለፍ። ዳግማዊ ምኒልክ ትምህርት ቤት በ1908 ሲከፈት መምህራኑ ከግብፅ የመጡ ነበሩ። ከዚያም በ1925፥ ይኸውም በእኛ አቈጣጠር ሚያዝያ 19 ቀን 1917 ዓ.ም.፥ በጊዜው አልጋ ወራሽ የነበሩት ራስ ተፈሪ መኰንን በስማቸው የሚጠራውን ትምህርት ቤት አዲስ አበባ ላይ ከፈቱ። ሐኪም ወርቅነህ እሸቴም የመጀመሪያው ኃላፊ ሆኑ። በዚህ ትምህርት ቤት ፈረንሳይኛና እንግሊዝኛ ይሰጥ ነበር፤ አዳሪም ተመላላሽም ተማሪ ነበረው። ፈረንሳይኛው እንዲያ የገነነበት አንዱ ምክንያት ከዚህ ከተማ የሚነሣው የምድር ባቡር ነው። ሐዲዱ በ1902 ድሬዳዋ፥ በ1917 አዲስ አበባ ደርሷል፤ ከአውሮፓ ለሚመጣ መምህርና መጽሐፍ፥ ወደ አውሮፓም ለትምህርት ለሚላክ ወጣት ዋናው በር ጅቡቲ ሆና ኖራለች። ስለዚህ የእኛን የዘመናዊ ትምህርት ታሪክ የሚያጠና ሰው ይህችን ወደብ ዘሎ ሊያልፍ አይችልም።

በ1935 የጀመረው የጣሊያን ወረራ ይህን ሁሉ አቋረጠው። ከ1941 በኋላ የትምህርቱ ቋንቋ ወደ እንግሊዝኛ አዘነበለ። የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት በ1943 ኮተቤ ላይ፥ ጄኔራል ዊንጌት በ1946 ተከፈቱ፤ ሁለቱም በአዳሪነት የታወቁ ነበሩ። ወደ ተፈሪ መኰንን ደግሞ በ1945 ከካናዳ ጀስዊት መምህራን መጡ። የመጡት ለማስተማር እንጂ ሃይማኖት ለመስበክ አልነበረም። ኃላፊያቸው ሉስየን ማት በ1950 የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ኮሌጅ የመጀመሪያው ፕሬዚዳንት ሆነዋል። ትምህርት ቤቱ ከ1974ቱ አብዮት በኋላ እንጦጦ ተብሎ ተሰይሟል።

የልዩ ልዩ አገር ልጆች የሚማሩባቸውን ትምህርት ቤቶች በተመለከተ ሁለቱን ጐን ለጐን ላቁማቸው። ቢንግሃም አካዳሚ በ1946 አዲስ አበባ ላይ በሱዳን ኢንቴሪየር ሚሽን የተቋቋመ ነው፤ ስሙንም ያገኘው ከሚሽኑ መሥራቾች አንዱ ከሆኑት ከሮላንድ ቢንግሃም ነው። የሚሲዮናውያኑ ወላጆች ሥራ በየገጠሩ ስለ ነበረ ልጆቻቸው ከትምህርት ቤቱ ያድሩ ነበር። ሊሴ ገብረ ማርያም ደግሞ በ1947 ተከፈተ። የተሰየመው በ1937 ከጣሊያን ጋር ሲዋጉ በወደቁት በደጃዝማች ገብረ ማርያም ጋሪ ስም ነው። የሊሴው ተማሪዎች የኢትዮጵያውያንና የውጭ አገር ሰዎች ልጆች ሲሆኑ፥ ወላጆቻቸው በከተማው የሚኖሩ ስለ ሆኑ ልጆቹ ይመላለሳሉ። በ1940ዎቹ ወይዘሮ ክርስቲን ሳንድፎርድ ያቋቋሙት ትምህርት ቤትም ሲጀመር ለገዛ ልጆቻቸውና ለወዳጆቻቸው ልጆች በቤት የተሰጠ ትምህርት ነበር።

ከዚህ ንጽጽር የምረዳው አንድ ነገር አለ። አዳሪ ቤት የሚሠራው ወላጅ ሩቅ ሲሆን ነው፤ ልጁ ማደር የሚጠቅመው ስለ ሆነ ነው ተብሎ የተሠራው ጥቂት ነው። ምክንያቱን ሳያጣሩ፥ «አዳሪ ትምህርት ቤት ልጅን ሰው ያደርጋል» እያሉ ልጅን በስምንት ዓመቱ አስረክቦ መሄድ በእኔ አስተያየት ነገሩን መገልበጥ ነው። የሊሴ ገብረ ማርያምና የዚህ ከተማ የሊሴ ጆዜፍ ኬሰል ሥርዓተ ትምህርት አንድ የፈረንሳይ ሥርዓት ስለ ሆነ፥ አባቱ ከአዲስ አበባ ወደ ጅቡቲ የተዛወረበት ልጅ ከአንዱ ወጥቶ ወደ ሌላው ሲገባ ትምህርቱ አይቋረጥበትም። ወላጅና ልጅ አብረው እንዲዛወሩ የሚያስችል እንዲህ ያለ መንገድ ካለ፥ ልጅን ለብቻው ትቶ የመሄዱ ምክንያት በግማሽ ይቀንሳል።

ይህን ስል አዳሪነትን ሁሉ የምነቅፍ እንዳይመስላችሁ። ዕድሜው ለደረሰ ተማሪ የማደርን ያህል የሚያስተምር ነገር ጥቂት ነው። ከሁሉ የሚበልጠው ምስክር በ1958 የተጀመረው የአፍሪካውያን ተማሪዎች የነጻ ትምህርት ዕድል ነው። በዚያ ጊዜ ንጉሠ ነገሥቱ ከሌሎች የአፍሪካ አገሮች ለሚመጡ ተማሪዎች የነጻ ትምህርት ዕድል ሰጥተው፥ ከኬንያ፥ ከኡጋንዳ፥ ከታንጋኒካ፥ ከናይጄሪያና ከሌሎችም አገሮች ወጣቶች ወደ አዲስ አበባ መጡ። በኋላ የኬንያ የውጭ ጉዳይ ሚኒስትር የሆኑት ሮበርት ኡኮ ከእነዚህ ወጣቶች አንዱ ናቸው። ኢትዮጵያውያኑ ተማሪዎች ስለ ቅኝ ግዛትና ስለ ነጻነት ትግል ከእነርሱ ብዙ እንደ ሰሙ የኢትዮጵያን የተማሪዎች እንቅስቃሴ ታሪክ የጻፉ ሊቃውንት መስክረዋል። ይህ ትምህርት በየትኛው ክፍለ ጊዜ ተሰጠ? በሰሌዳ ላይ አልተጻፈም፤ መርሐ ግብርም አልወጣለትም። በምግብ ቤትና በመኝታ ቤት፥ መብራት እስኪጠፋ ድረስ በተደረገ ጨዋታ የተገኘ ነው። ከከተማው የሚመላለሰው ተማሪ ግን በዚያ ሰዓት በቤቱ እራት ላይ ነበረ።

በአንድ ትምህርት ቤት ውስጥ ሁለት ትምህርት ቤት አለ የምለው በዚህ ምክንያት ነው። ተመላላሹ የቀኑን ያውቃል፤ አዳሪው የሌሊቱን። ሁለቱ በጠዋት ሰልፍ ላይ ሲገናኙ አንዱ ሌላውን በጥርጣሬ ይመለከታል። አዳሪው ግቢውን የገዛ ቤቱ አድርጎ ስለሚቈጥር፥ ተመላላሹን «የእናቱ ልጅ» እያለ ይዘልፈዋል። ተመላላሹም በበኩሉ የውጭው ዓለም መልእክተኛ ነው፤ ዳቦ ቆሎና ብስኩት ያስገባል፥ ወሬ ያስገባል፥ የተከለከለውንም ያስገባል። (ዲሬክተሮቻችን የተመላላሾችን ቦርሳ መፈተሽ ሲያበዙ አያለሁ፤ የሚፈልጉትን ነገር በቦርሳ የሚያገኙ አይመስለኝም።) አርፍዶ ሲመጣም ከግቢው ውስጥ ተነሥቶ ከመጣው ልጅ ጋር በአንድ ሚዛን ይቀጣል። አንዱ መቶ እርምጃ ተራምዶ የደረሰ ነው፤ ሌላው በአውቶቡስ ሁለት ጊዜ ወርዶና ተሳፍሮ።

ስለ ማድ ቤቱ ትንሽ በሰፊው ልናገር፤ ይህ ጉዳይ በሥርዓተ ትምህርት መጻሕፍት ውስጥ የማይገኝ፥ ነገር ግን ብዙ አዳሪ ቤቶችን የሚያውክ ነው። እንደምታውቁት በአገራችን ልማድ ክርስቲያኑ ሙስሊሙ ያረደውን፥ ሙስሊሙም ክርስቲያኑ ያረደውን አይበላም። ረቡዕና ዓርብ፥ በዐቢይ ጾምም ክርስቲያኑ ልጅ ሥጋና ወተት፥ እንቁላልና ቅቤ አይቀምስም። በረመዳን ሙስሊሙ ልጅ ጎሕ ሳይቀድ ይበላና እስከ ፀሐይ መጥለቂያ ይጾማል። ከሕንድ የመጣው ልጅ ምናልባት ሥጋ የሚባል ነገር በልቶ አያውቅም። ከአውሮፓ የመጣው ደግሞ ይህ ሁሉ ለምን እንደ ሆነ አይገባውም፤ ጓደኛው ሳህኑን ሲገፋ የናቀው ይመስለዋል።

በዚህ ነገር ላይ ሁለት ዓይነት ዲሬክተሮች አይቻለሁ። አንደኛው፥ «በዚህ ግቢ ሁሉም እኩል ነው» ብሎ ለሁሉም አንድ ድስት ይጥዳል። እኩልነቱ በጎ አሳብ ነው፤ ውጤቱ ግን አንዳንዱ ልጅ በደረቅ ዳቦ ማደሩ ነው። ሁለተኛው ለየሃይማኖቱ ለየብቻ ምግብ ቤት ያዘጋጃል። ሰላም ይገኛል፤ ልጆቹ ግን አብረው ሳይበሉ ዓመቱ ያልቃል። የተሻለው ሥርዓት ድስቱን ለይቶ ገበታውን አንድ ማድረግ ይመስለኛል። ሥጋው በሁለት ድስት ይሠራ፤ ሽሮውና ምስሩ፥ አትክልቱና ሩዙ ለሁሉም ይሁን፤ ልጆቹ ግን በአንድ ጠረጴዛ ይቀመጡ፤ መምህሩም ከእነርሱ ጋር ይቀመጥ። ጓደኛው ለምን እንደማይበላ የጠየቀ ልጅ፥ መልሱንም ከጓደኛው አፍ የሰማ ልጅ፥ ስለ ሌላው ሃይማኖት የሚያገኘው ዕውቀት እኛ በክፍል ከምንሰጠው ይበልጣል። ለዚህ የሚያስፈልገው ሁለት ድስት፥ በረመዳን ከሌሊቱ ዘጠኝ ሰዓት የሚነሣ ወጥ ሠሪና በምግብ ሰዓት ወደ ቤቱ የማይሮጥ መምህር ነው። የመጀመሪያዎቹን ሁለቱን በገንዘብ ማግኘት ይቻላል።

አሁን ደግሞ የሚያሳስበኝን የቋንቋ ነገር ላንሣ። በዚህ ከተማ የምትኖር፥ በምግብ ሥራ የምትተዳደር አንዲት እናት አውቃለሁ። ልጇን ስሙን ወደማልጠራው በሌላ አገር ወደሚገኝ አዳሪ ትምህርት ቤት በዘጠኝ ዓመቱ ላከችው። በዚያ ትምህርት ቤት በግቢው ውስጥ ከእንግሊዝኛ በቀር ሌላ ቋንቋ መናገር ክልክል ነው፤ በአገሩ ቋንቋ ሲናገር የተገኘ ልጅ ይቀጣል። እናቲቱ በየእሑዱ ስልክ ትደውልለት ነበር። በመጀመሪያው ዓመት ልጁ ስለ ኳሱ፥ ስለ ምግቡ፥ ስለ ጓደኞቹ ብዙ ያወራታል። በሁለተኛው ዓመት ወሬው አጠረ። በሦስተኛው ዓመት «እሺ» እና «ደኅና ነኝ» ብቻ ሆነ። እርስዋም ልጄ ተቀየመኝ ብላ አዘነች፤ የላከችበትን ቀን እስከ መርገም ደረሰች። ልጁ ለዕረፍት ሲመጣ ባነጋግረው ግን ቂም የሚባል ነገር አላገኘሁበትም። ያጣው ቃላቱን ነበር። በዘጠኝ ዓመቱ ይዞት የሄደው አማርኛ የዘጠኝ ዓመት ልጅ አማርኛ ነው፤ እርሱ ግን አሥራ ሁለት ሞልቶት፥ የአሥራ ሁለት ዓመት ልጅ አሳብ ያስብ ነበር። አሳቡን የሚሸከም ቃል ስላላገኘ ዝም አለ።

ተመላላሹ ልጅ ከዚህ የዳነ ነው። ቤቱ ጠባብ ይሆናል፤ ሙቀቱ ያስጨንቀዋል፤ በበጋው ወራት በጅቡቲ ሌሊቱም እንደ ቀን የሚያቃጥል መሆኑን ለእናንተ ልነግራችሁ አይገባኝም። የሚያጠናበት ጠረጴዛም ላይኖረው ይችላል። ከ2011 ጀምሮ በተዘረጋው መስመር ከኢትዮጵያ ወንዞች የሚመነጨው ኤሌክትሪክ ወደዚህ ከተማ መምጣቱ ደስ ያሰኛል፤ አምፖል ግን ጠረጴዛ አይሆንም። ይሁንና ልጁ በእራት ሰዓት እናቱ ከጎረቤት ጋር ስትከራከር፥ አባቱ ስለ ሥራው ሲያማርር፥ አያቱ ተረት ሲናገሩ ይሰማል። ቋንቋው ከዕድሜው ጋር አብሮ ያድጋል። አዳሪው ያጣው ይህን ነው፤ ተመላላሹ ያጣው ደግሞ መብራትና ጸጥታ ያለበት የጥናት ክፍል፥ ቢጠይቀው የሚመልስለት ሰው ነው። አንዱ ከሌላው ሊዋዋሰው የሚችል ነገር በአንድ ግቢ ውስጥ ሳለ፥ በመካከላቸው የበር ዘበኛ ቆሞአል።

እንግዲህ ምን ይደረግ ለምትሉኝ፥ ከማሠልጠኛ ትምህርት ቤት እንደ መጣ ሰው የሚታየኝን በግልጽ እናገራለሁ። ተመላላሾች በሳምንት ሁለት ማታ ለጥናት በግቢው እንዲቈዩ ይደረግ፤ እራታቸውን ከአዳሪዎቹ ጋር ይብሉ፤ ወላጆችም በተራ መጥተው ይውሰዷቸው። አዳሪዎች በእሑድ ወደ ተመላላሽ ጓደኛቸው ቤት ይሂዱ፤ በተቻለ መጠን የአፍ መፍቻ ቋንቋቸው ወደሚነገርበት ቤት። በየሳምንቱ አንድ ምሽት ለደብዳቤ ይለይ፤ ልጁ ለወላጁ በወላጁ ቋንቋ ይጻፍ፤ ቋንቋውን የሚያውቅ ሰው አጠገቡ ተቀምጦ የጐደለውን ቃል ያቀብለው። ስልክ እያለ ደብዳቤ ለምን የሚል ይኖራል። በስልክ ዝም ማለት ቀላል ነው፤ ነጭ ወረቀት ግን ቃል እስኪገኝ ድረስ ይጠብቃል። የአገር ቋንቋ የተናገረን ልጅ መቅጣትም ፈጽሞ ይቅር። እንግሊዝኛም ፈረንሳይኛም በዚህ ምክንያት አይጠፉም፤ ለእነርሱ ቀኑ ሙሉ አላቸው። ከአሥራ ሁለት ዓመት በታች ያለን ልጅ ደግሞ፥ ወላጅ ከሞተበት ወይም ፈጽሞ ሌላ መንገድ ከሌለ በቀር፥ አዳሪ አድርጎ መቀበል አይገባም እላለሁ። በዚህ የማይስማሙ ባልደረቦች እንዳሉ አውቃለሁ፤ አንዳንዶቹም እዚህ ተቀምጠዋል።

ከሁሉ የሚከብደው የሰው ጉዳይ ነው። በብዙ አዳሪ ቤቶች የሌሊቱ ኃላፊ ቁልፍ የሚይዝ፥ መብራት የሚያጠፋ፥ ስም የሚጠራ ሠራተኛ ነው። ደመወዙ ከመምህር ያነሰ ነው፤ ስለ ልጅ ጠባይ የተማረው ነገርም የለም። ከእነዚህ ሠራተኞች መካከል ከብዙ መምህር የሚበልጡ መልካም ሰዎች መኖራቸውን አልክድም። ነገር ግን ልጁ በመጀመሪያው ወር አልጋ ላይ ሲያለቅስ፥ ትልቁ ልጅ ታናሹን ሲያስገብር፥ አንዱ ታሞ ሲደብቅ፥ ይህን ለይቶ ማየት ሥልጠና ይጠይቃል። መምህሩ ደግሞ፥ «እኔ የተቀጠርኩት ለስድስት ክፍለ ጊዜ ነው» ይላል። ልክ ነው፤ የተቀጠረው ለዚያ ነው። ሌሊቱን በነጻ እንዲሠራ የሚጠይቀው ሹም ካለ፥ ከማኅበራችን ጋር የሚነጋገርበት ብዙ ነገር ይኖረዋል። የማታ ተራ የሚይዝ መምህር አበል ሊከፈለው፥ በማግሥቱም የመጀመሪያው ክፍለ ጊዜ ሊቀርለት ይገባል። በሁለቱም ላይ አብዛኛውን ጊዜ የሚሰጠን መልስ በጀት የለም የሚል ነው። በጀቱ ለአጥርና ለዘበኛ ግን ተገኝቷል።

እኛም በማሠልጠኛው በኩል የድርሻችንን ለመጀመር አስበናል። ሠልጣኞቻችን ለተግባር ትምህርት ወደ ትምህርት ቤቶች ሲወጡ እስካሁን የሚያዩት ክፍሉን ብቻ ነበር። ከሚመጣው ዓመት ጀምሮ አዳሪ ቤት ወዳለባቸው ትምህርት ቤቶች የሚወጡት ሁለት ሁለት ሳምንት ከልጆቹ ጋር እንዲያድሩ፥ በምግብ ሰዓትና በጥናት ሰዓት እንዲገኙ፥ ያዩትንም በየቀኑ እንዲጽፉ እንፈልጋለን። የምንጠይቀው ለሠልጣኙ አንድ አልጋ፥ በገበታው ላይ አንድ ቦታና የሌሊቱን ኃላፊ እየተከተለ እንዲዞር ፈቃድ ነው። በዚህ ጉባኤ ውስጥ እንዲህ ያለ ሠልጣኝ ሊቀበል የሚወድ ዲሬክተር ካለ፥ ከሻዩ ዕረፍት በኋላ በግራ በኩል ባለው ጠረጴዛ ዘንድ ይገኝልኝ፤ የቀን መቍጠሪያውን ይዤ እጠብቃለሁ።